ቤቱስ ይሁን፤ ብድሩ ስንት ያወጣል?

ቤት በብድር የገዛ ወይም ሊገዛ ያሰበ ሰው ሲያጋጥመኝ ሁለት ጥያቄዎች እጠይቃለሁ፡፡ የመጀመሪያው «ባንኩ ስንት አበደረህ?» የሚል ነው፡፡ መልሱ ወዲያው ይመጣል፡፡ ሁለተኛው «ጨርሰህ ስትከፍል በጠቅላላው ስንት ትከፍላለህ?» የሚል ነው፡፡ ለዚህኛው ሳያመነታ የመለሰልኝ ሰው በጣም ጥቂት ነው፡፡ የወር ክፍያውን ግን ሁሉም በቃሉ ያውቀዋል፡፡

ነገሩ ብዙም አያስገርምም፡፡ ደመወዝተኛ ኑሮውን የሚቆጥረው በወር ነው፡፡ ኪራዩም፣ ዕድሩም፣ የልጆች የትምህርት ቤት ክፍያም በወር ነው፡፡ ነገር ግን የወር ክፍያ የብድሩ ዋጋ አይደለም፡፡ የብድርን ዋጋ የሚወስኑት ሦስት ነገሮች ናቸው፤ የወለዱ መጠን፣ የመክፈያው ጊዜ ርዝመት፣ እንዲሁም ወለዱን ማን፣ መቼ ሊለውጠው እንደሚችል የሚናገረው የውሉ አንቀጽ፡፡ ከሦስቱ ብዙ ጊዜ ሳይነበብ የሚፈረመው ሦስተኛው ነው፡፡ በእኔ አስተያየት ከሁሉም አደገኛው እሱ ነው፡፡

የቤት ብድር ለሀገራችን አዲስ ነገር አይደለም፡፡ በደርግ ዘመን የተቋቋመው የቤቶችና ቁጠባ ባንክ፣ ኋላ ኮንስትራክሽንና ቢዝነስ ባንክ ተብሎ በ2008 ዓ.ም. በኢትዮጵያ ንግድ ባንክ እስኪጠቀለል ድረስ ለቤት መሥሪያና መግዣ ሲያበድር ኖሯል፡፡ በ2005 ዓ.ም. የ10/90፣ የ20/80 እና የ40/60 የቤት ፈላጊዎች ምዝገባ ሲካሄድ ደግሞ ጉዳዩ የብዙ መቶ ሺህ ቤተሰቦች ሆነ፡፡ በነዚህ ቁጥሮች ፊተኛው ተመዝጋቢው የሚቆጥበውን፣ ኋለኛው ባንኩ የሚያበድረውን በመቶኛ ያሳያል፡፡ በ2014 ዓ.ም. ደግሞ በቤት ብድር ላይ ያተኮረው ጎህ ቤቶች ባንክ ሥራ ጀመረ፡፡ በውጭ ለሚኖሩ ወገኖቻችንም የዲያስፖራ የቤት ብድር የሚሰጡ ባንኮች አሉ፡፡ ብድሩ ከየትም ይምጣ፣ ስሌቱ አንድ ነው፡፡

እስቲ እናስላው

ለስሌት እንዲመቸን አንድ ሚሊዮን ብር በ15 በመቶ ዓመታዊ ወለድ፣ በ20 ዓመት በየወሩ እኩል እየተከፈለ የሚመለስ ብድር እንውሰድ፡፡ 15 በመቶ የማንም ባንክ ዋጋ ነው አላልኩም፤ ለምሳሌ ያህል ነው፡፡ የተበደሩት ሦስት ሚሊዮን ከሆነ ሁሉንም በሦስት ያባዙት፡፡

የወሩ ክፍያ 13,168 ብር ይሆናል፡፡ በ240 ወራት ሲባዛ 3 ሚሊዮን 160 ሺህ ብር ገደማ ነው፡፡ ማለትም ለተበደሩት አንድ ሚሊዮን ሁለት ሚሊዮን ከ160 ሺህ ብር ወለድ ከፍለዋል፡፡

ጠቅላላ ድምሩ አንድ ነገር ነው፤ አከፋፈሉ ሌላ፡፡ ከመጀመሪያው ወር 13,168 ብር ውስጥ 12,500 ብሩ ወለድ ነው፡፡ ከዋናው ዕዳ የሚቀነሰው 668 ብር ብቻ ነው፡፡ ይህ ማታለል አይደለም፡፡ የወለድ ባሕርይ ነው፤ ወለድ የሚታሰበው ባልተከፈለው ዕዳ ላይ በመሆኑ ዕዳው ትልቅ ሳለ ወለዱም ትልቅ ነው፡፡ የፍትሐ ብሔር ሕጋችንም ተበዳሪ የሚከፍለው ገንዘብ በቅድሚያ ለወጪ፣ ቀጥሎ ለወለድ፣ በመጨረሻ ለዋናው ዕዳ እንዲታሰብ ይደነግጋል፡፡

አምስት ዓመት ሙሉ አንድም ወር ሳያዛንፍ የከፈለ ሰው 790 ሺህ ብር አውጥቷል፡፡ ዕዳው ግን ገና 940 ሺህ 800 ብር ገደማ ነው፡፡ የቀነሰው 59 ሺህ ብር ብቻ ነው፡፡ የዋናው ዕዳ ግማሽ የሚከፈለው በአሥረኛው ዓመት ይመስለን ይሆናል፤ እውነቱ ግን ከ15 ዓመት ከ8 ወር በኋላ ነው፡፡ በአምስተኛው ዓመት ቤቱን ሸጦ ከዕዳ ለመውጣት የሚያስብ ሰው ይህን አስቀድሞ ማወቅ አለበት፡፡

ጊዜ ሲረዝም፣ ጊዜ ሲያጥር

«ወሩ እንዲቀልልኝ ዓመቱ ይርዘምልኝ» የሚለው ልመና የተለመደ ነው፡፡ ያንኑ አንድ ሚሊዮን ብር በ20 ዓመት ፈንታ በ15 ዓመት ብንከፍለው የወሩ ክፍያ 13,996 ብር ይሆናል፡፡ ልዩነቱ በወር 828 ብር ነው፡፡ ጠቅላላ ክፍያው ግን ወደ 2 ሚሊዮን 519 ሺህ ብር ይወርዳል፡፡ ስለዚህ በወር 828 ብር ላለመጨመር ሲባል በመጨረሻ 641 ሺህ ብር ይከፈላል ማለት ነው፡፡ በእርግጥ ያቺን 828 ብር ማግኘት የማይችል ቤተሰብ አለ፤ እሱን ማንም አይፈርድበትም፡፡ እየቻለ ሳያሰላ ረጅሙን የሚመርጠው ግን ያሳዝነኛል፡፡

አስቀድሞ መክፈልም እንዲሁ ነው፡፡ በአንደኛው ዓመት መጨረሻ 100 ሺህ ብር ቢገኝና ለዋናው ዕዳ ቢውል፣ የወሩም ክፍያ እንደነበረ ቢቀጥል፣ ብድሩ ከስድስት ዓመት በላይ ቀድሞ ያልቃል፤ ከ900 ሺህ ብር በላይ ወለድም ይቀራል፡፡ ያው 100 ሺህ ብር በ15ኛው ዓመት መጨረሻ ቢከፈል ግን የሚያስቀረው ወለድ 93 ሺህ ብር ያህል ብቻ ነው፡፡ ትርፍ ገንዘብ በቁጠባ ሒሳብ ከማስቀመጥም ዕዳን መቀነስ ይሻላል፤ ባንክ ለቆጣቢ የሚከፍለው ወለድ ከተበዳሪ ከሚቀበለው ያነሰ ነውና፡፡ ሆኖም አስቀድሞ መክፈል ቅጣት እንዳለው፣ ተጨማሪው ገንዘብም በቀጥታ ለዋናው ዕዳ እንደሚውል ወይም ለሚቀጥሉት ወራት ክፍያ እንደሚያዝ ከውሉ ማረጋገጥ ያስፈልጋል፡፡ ለቀጣይ ወራት ከተያዘ ከላይ ያልኩት ጥቅም አይገኝም፡፡

ያች አንዲት አንቀጽ

አሁን ወደ ሦስተኛው ጉዳይ እንምጣ፡፡ የብድር ውሎችን ሳገላብጥ ደጋግሞ የሚያጋጥመኝ አንቀጽ አለ፡፡ አጻጻፉ ይለያይ እንጂ ይዘቱ ባንኩ እንደ ገበያው ሁኔታ የወለዱን መጠን ሊለውጥ እንደሚችል፣ ተበዳሪውም ይህን ተስማምቶ መቀበሉን የሚገልጽ ነው፡፡ በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 1731 መሠረት በሕግ አግባብ የተደረገ ውል በተዋዋዮቹ መካከል እንደ ሕግ ነው፡፡ «አላነበብኩትም» የሚለው መከላከያ ፍርድ ቤት ሲደርስ ሩቅ አያስኬድም፡፡

ይህ አንቀጽ ምን ያህል እንደሚያወጣ በምሳሌያችን እንየው፡፡ ከሦስት ዓመት በኋላ ወለዱ ከ15 ወደ 18 በመቶ ከፍ አለ እንበል፡፡ ቀሪው ዕዳ 969,867 ብር ነው፡፡ የወሩ ወለድ ብቻ 14,548 ብር ይሆናል፡፡ የቀድሞው የወር ክፍያ 13,168 ብር ስለሆነ ወለዱን እንኳ አይሸፍንም፤ በዚያው ከተቀጠለ ዕዳው እየጨመረ ይሄዳል፡፡ በቀሪዎቹ 17 ዓመታት ዕዳው እንዲያልቅ የወሩ ክፍያ 15,281 ብር መሆን አለበት፡፡ ሦስት በመቶ ጭማሪ በወር 2,113 ብር፣ እስከ መጨረሻው 431 ሺህ ብር ገደማ ይሆናል፡፡

ይህ ከንቱ ሥጋት አይደለም፡፡ የኢትዮጵያ ብሔራዊ ባንክ በሐምሌ 2016 ዓ.ም. የፖሊሲ ወለድ መጠን በ15 በመቶ ሲያስተዋውቅ ወለድን የዋጋ ንረት መቆጣጠሪያ መሣሪያ አድርጎታል፡፡ እንዲህ ባለ አሠራር ወለድ ይወጣል፣ ይወርዳል፡፡ ጥያቄው ሲወጣ የሚጨመርብን ያህል ሲወርድ ይቀነስልናል ወይ የሚለው ነው፡፡ ውሉ ስለ ጭማሪ ተናግሮ ስለ ቅናሽ ዝም ካለ፣ ዝምታው ለተበዳሪው አይበጅም፡፡

የዋጋ ንረት ዕዳ ይበላል ወይ?

«ብሩ እየወደቀ ስለሆነ ዕዳው ራሱ ይቀልላል» የሚሉ አሉ፡፡ ሐሳቡ እውነት አለው፡፡ ዋጋ በየዓመቱ 15 በመቶ ቢጨምር የዛሬ አሥር ዓመት የሚከፈለው 13,168 ብር የሚገዛው የዛሬ 3,250 ብር ገደማ የሚገዛውን ነው፡፡ በ2014 ዓ.ም. የዋጋ ንረቱ ከ30 በመቶ በላይ ነበር፡፡ ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የውጭ ምንዛሪ ተመን ለገበያ ሲለቀቅ ደግሞ አንድ ዶላር በጥቂት ሳምንታት ውስጥ ከ57 ብር ገደማ ከ100 ብር በላይ ገባ፡፡ ከዚያ በፊት በማይለወጥ ወለድ የተበደረ ሰው ዕዳው በእርግጥ ቀልሎለታል፡፡ ስለዚህ ከላይ ያየነው 3 ሚሊዮን 160 ሺህ ሁሉ በዛሬ ብር አይመዘንም፡፡

ነገር ግን ጥቅሙ የሚገኘው ሁለት ነገሮች ሲሟሉ ነው፡፡ አንደኛ፣ ገቢ ከዋጋ ጋር እኩል ማደግ አለበት፡፡ የጤፍና የዘይት ዋጋ እየጨመረ ደመወዝ ባለበት ከቆመ የወሩ ክፍያ ባይጨምርም የሚከፈልበት ገንዘብ ይታጣል፡፡ ሁለተኛ፣ ወለዱ የማይለወጥ መሆን አለበት፡፡ የሚለዋወጥ ከሆነ ባንኩ ከዋጋ ንረቱ ጋር ወለዱን ከፍ ያደርግና የቀለለው ዕዳ ተመልሶ ይከብዳል፡፡ ያችን አንዲት አንቀጽ አደገኛ ያልኳት ለዚህ ነው፡፡

በዚህ ረገድ ከወለድ ነፃ የባንክ አገልግሎት ውስጥ ያለው ሙራባሃ ልብ ሊባል ይገባል፡፡ ባንኩ ንብረቱን ገዝቶ፣ ትርፉን ጨምሮ ለደንበኛው በዱቤ ይሸጣል፡፡ ርካሽ ነው ማለቴ አይደለም፡፡ ነገር ግን የመጨረሻው ዋጋ ገና ሲፈረም የታወቀ ነው፡፡

ከወለዱ ውጭ ያሉ ወጪዎች

የግምት ክፍያ፣ የአገልግሎት ክፍያ፣ የቴምብር ቀረጥ፣ የውልና የመያዣ ምዝገባ፣ የስም ማዛወሪያ፣ በየዓመቱ የሚታደስ የቤቱ ኢንሹራንስ፣ አንዳንድ ጊዜም የተበዳሪው የሕይወት ኢንሹራንስ አለ፡፡ በ2017 ዓ.ም. የተወካዮች ምክር ቤት ያጸደቀው የንብረት ታክስ አዋጅም ለባለቤቱ ዓመታዊ ወጪ ያመጣል፡፡ ኮንዶሚኒየም ከሆነ የጋራ መጠቀሚያዎች ጥገና አለ፡፡ እነዚህ በወር ክፍያው ውስጥ አይታዩም፤ ከአንድ ኪስ ግን ይወጣሉ፡፡

መክፈል ሲያቅት

የፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 3060 አበዳሪ ሕጉ ያዘዘውን ሥርዓት ሳይከተል መያዣውን እንዲወስድ ወይም እንዲሸጥ የሚደረግን ስምምነት ዋጋ አይሰጠውም፡፡ ለባንኮች ግን በአዋጅ ቁጥር 97/1990 የተለየ ሥልጣን ተሰጥቷል፡፡ ዕዳው በጊዜው ካልተከፈለ ባንኩ ፍርድ ቤት ክስ ሳያቀርብ፣ ቢያንስ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ ንብረቱን በሐራጅ ሊሸጥ ይችላል፡፡ የሐራጁ ገንዘብ ዕዳውን ካልሸፈነ ቀሪው ከተበዳሪው ላይ አይወርድም፡፡ ቤቱም ሄዶ ዕዳውም ሊኖር ይችላል ማለት ነው፡፡

ባልና ሚስትም አንድ ነገር ይወቁ፡፡ በተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ፣ አዋጅ ቁጥር 213/1992፣ የጋራ የሆነ የማይንቀሳቀስ ንብረት በመያዣ የሚሰጠው በሁለቱም ስምምነት ነው፡፡ የትዳር ጓደኛ ፊርማ የይስሙላ አይደለም፡፡ የሚፈርም ሁሉ አንብቦ ይፈርም፡፡

ከመፈረም በፊት የሚጠየቁ

አንደኛ፣ የመክፈያ ሰንጠረዡ በየወሩ ተዘርዝሮ ይሰጠኝ፤ ጠቅላላው ስንት ነው? ሁለተኛ፣ ከአምስት ዓመት በኋላ ቀሪ ዕዳዬ ስንት ይሆናል? ሦስተኛ፣ ወለዱ ይለወጣል ወይ? ከተለወጠ በምን መነሻ፣ ከስንት ቀን ማስታወቂያ በኋላ? ሲወርድስ ይቀነስልኛል? አራተኛ፣ አስቀድሜ ብከፍል ቅጣት አለው? ገንዘቡስ ለምን ይውላል? አምስተኛ፣ ብዘገይ የቅጣቱ ወለድ ስንት ነው፣ በምን ላይስ ይታሰባል? ስድስተኛ፣ ከወለድ ውጭ ያሉት ክፍያዎች በጽሑፍ ስንት ይሆናሉ?

ከዚያ በኋላ ራስዎን አንድ ጥያቄ ይጠይቁ፡፡ ወለዱ ሦስት በመቶ ቢጨምር ይህ ቤተሰብ መክፈል ይችላል? መልሱ «አይችልም» ከሆነ አነስ ያለ ቤት መግዛት ወይም ቅድመ ክፍያውን ከፍ ማድረግ ይሻላል፡፡ ኪራይ ያማረረው ሰው ቤት ቢቸኩል አይፈረድበትም፤ እኔም ቤት አትግዙ አላልኩም፡፡ ባንኩ ግን የእርስዎን ደመወዝ፣ ሰነድና ቤት ለሳምንታት መርምሮ ነው የሚያበድረው፡፡ እርስዎም የእሱን ውል ወስደው ሁለት ቀን ቢመረምሩ ነውር የለውም፡፡