ቀሚስ የለበሱት አባባ

«አባባ ተስፋዬ» ሲባል ብዙዎቻችን የምናስበው በ1957 ዓ.ም. ሥራ በጀመረው ቴሌቪዥን ለልጆች ተረት ሲነግሩ የኖሩትን ሰው ነው። ከዚያ በፊት ግን ተስፋዬ ሣህሉ ሴት ነበሩ፤ መድረክ ላይ ማለቴ ነው! ሴት ልጅ ቴአትር መሥራቷ እንደ ነውር በሚታይበት ዘመን ቀሚስ ለብሰው፣ ተኳኩለው፣ ድምፃቸውን አቅጥነው የሴት ገጸ ባሕርይ ይጫወቱ ነበር። ከቃኘው ዘማቾች ጋር ኮሪያ ድረስ ሄደውም ወታደሩን አዝናንተዋል።

አሜሪካዊው ሎን ቼኒ ፊቱን በገዛ እጁ እየቀባ በ1923 እ.ኤ.አ. ጎባጣውን የኖትርዳም ደወል ደዋይ ሲሆን፣ ፊልሙ መልኩን አስቀርቶለታል። የኛው ሰው ጥበብ ግን መጋረጃው ሲዘጋ አብሮ ጠፋ። ሐምሌ 24 ቀን 2009 ዓ.ም. ሲያርፉም አገር ያለቀሰው ለተረት አባቱ ነው፤ ያቺን ሴት ያስታወሰ ብዙ ሰው የነበረ አይመስለኝም።