ስንዱ ገብሩ፦ ከአሲናራ እስከ ሕግ መምሪያ ምክር ቤት

በ1950 ዓ.ም. መጀመሪያ ኢትዮጵያውያን ለመጀመሪያ ጊዜ እንደራሴዎቻቸውን በድምፃቸው ሲመርጡ፣ የአዲስ አበባ መራጮች ወይዘሮ ስንዱ ገብሩን ወደ ፓርላማ ላኩ። በሀገሪቱ በሕዝብ የተመረጡ የመጀመሪያዋ ሴት እንደራሴ ናቸው። ያን ጊዜ ዕድሜያቸው 41 ነበር።

ነገሩ ብዙ ጊዜ የሚተረከው የንጉሠ ነገሥቱ በጎ ፈቃድ ውጤት ተደርጎ ነው። ይህ ግን ከታሪኩ ግማሹን ብቻ ይነግረናል። በ1923ቱ ሕገ መንግሥት እንደራሴዎችን የሚመርጡት መኳንንትና ሹማምንት ነበሩ። በ1948 ዓ.ም. የታወጀው የተሻሻለው ሕገ መንግሥት ግን 21 ዓመት ለሞላው ሁሉ፣ ለወንድም ለሴትም፣ የመምረጥ መብት ሰጠ። ለመመረጥ የሚፈልግ ደግሞ 25 ዓመት የሞላው፣ በወረዳውም 1,000 ብር የሚያወጣ የማይንቀሳቀስ ወይም 2,000 ብር የሚያወጣ ተንቀሳቃሽ ንብረት ያለው መሆን ነበረበት። ይህ መስፈርት ስንቱን ወንድ ከደጅ እንደመለሰ መገመት አያዳግትም። የፖለቲካ ፓርቲም አልነበረም። ስለዚህ ተወዳዳሪው ከንብረቱ ሌላ መራጭ ፊት ይዞ የሚቀርበው ስሙን ብቻ ነበር።

የስንዱ ስም ደግሞ በከተማዋ የታወቀ ነበር። በ1908 ዓ.ም. የተወለዱት ስንዱ፣ በአውሮፓ የተማሩት የከንቲባ ገብሩ ደስታ ልጅ ናቸው። አባት ሴት ልጃቸውን ገና በለጋነቷ ወደ ስዊዘርላንድ ልከው ማስተማራቸው ለዘመኑ እንግዳ ነገር ነበር። ጣሊያን ሲወርር ስንዱ በምዕራብ ኢትዮጵያ ከጥቁር አንበሳ አርበኞች ጋር ተሰለፉ፤ ኋላም ተማርከው ከእኅታቸው ጋር በአሲናራ ደሴት ታሰሩ። አሲናራ ከሰርዲኒያ በስተ ሰሜን ያለች ትንሽ ደሴት ናት፤ ፋሽስቶች ከየካቲት 12ቱ እልቂት በኋላ የኢትዮጵያን መኳንንትና ምሁራን ከነቤተሰቦቻቸው ያጋዙባት።

ከነፃነት በኋላ ያለው ሥራቸው፣ በእኔ ግምት፣ ለምርጫው ከአርበኝነታቸውም በላይ ጠቅሟቸዋል። መጀመሪያ በደሴ ወይዘሮ ስሕን ትምህርት ቤት አገለገሉ፤ ቀጥሎ በውጭ ሀገር ሴቶች ሲመራ የቆየውን የእቴጌ መነን ትምህርት ቤት በዳይሬክተርነት ተረከቡ፤ ለቦታው የመጀመሪያዋ ኢትዮጵያዊት ነበሩ። ለተማሪዎቻቸው ተውኔት ይጽፉ ነበር፤ በ1942 ዓ.ም. ያሳተሙት «የልቤ መጽሐፍ»ም ግጥምና ተውኔት የያዘ ነው። መነን የብዙ የመዲናዋ ቤተሰቦች ልጆች የሚማሩበት ትምህርት ቤት ነውና፣ ድምፅ ሰጪው አባት ወይዘሮ ስንዱን የሚያውቃቸው የልጁ ዳይሬክተር ሆነው ነው። ይህን ያህል መታወቅ በአዋጅ አይገኝም።

የፓርላማው ሥልጣን ጠባብ ነበር። የሕግ መወሰኛ ምክር ቤት አባላትን የሚሾሙት ንጉሠ ነገሥቱ ሲሆኑ፣ እንደራሴዎቹ የሚቀመጡበት የሕግ መምሪያ ምክር ቤት ያጸደቀውም ያለ እሳቸው ፈቃድ ሕግ አይሆንም ነበር። ያም ሆኖ በዚያ ወንድ በሞላበት አዳራሽ ስንዱ በ1960 እ.ኤ.አ. የምክር ቤቱ ምክትል ፕሬዚዳንት ለመሆን በቅተዋል። በ1966 እ.ኤ.አ. ደግሞ በምዕራብ ጀርመን በኢትዮጵያ ኤምባሲ የትምህርትና የባህል አታሼ ሆነው ሄዱ። ያረፉት በ2001 ዓ.ም. በ93 ዓመታቸው ነው።

የዚያን ዘመን ፓርላማ የሚያጠኑ ወጣት ተመራማሪዎች ስለ ስንዱ ሲጽፉ ከ1950 ዓ.ም. ባይጀምሩ እላለሁ። የምክር ቤቱን ቃለ ጉባኤ ከመግለጣቸው በፊት የእቴጌ መነንን ትምህርት ቤት መዛግብት ይመርምሩ።