«ስንት ሰዓት ላይ ነው የተቃጠለችው?»

ባለፈው ክረምት አንዲት አባላችን በጋራ መጋገሪያ ቤታችን ውስጥ ከባድ ቃጠሎ ደረሰባት። የሚጥል በሽታ እንዳለባት እናውቅ ነበር፤ ብቻዋን እሳት ፊት እንዳትቆም ግን ተራ አላወጣንላትም። አብሲት በመጣል ላይ ሳለች ሕመሙ ተነሳባትና ወደቀች፤ የሚንተከተከው ድስት ደረቷና ክንዷ ላይ ተገለበጠ። ጩኸቱን ሰምተን ስንደርስ አንዷ እንቁላል ሰበረች፣ ሌላዋ የጥርስ ሳሙና ይዛ መጣች። በርሜል ሙሉ ውሃ አጠገባችን ነበር። ማንም አልቀዳበትም።

ቀጥሎ የገንዘቡ ነገር መጣ። ከድንገተኛ መጠባበቂያችን ብር ለማውጣት የሦስት ሰው ፊርማ ያስፈልግ ነበር፤ አንዷ ፈራሚ ገበያ ሄዳለች። ሆስፒታል ስንደርስ ቀኑ ተጋምሶ ነበር። የድንገተኛ ክፍሉ ሐኪም መጀመሪያ ክብደቷን፣ ቀጥሎም «ስንት ሰዓት ላይ ነው የተቃጠለችው?» ብሎ ጠየቀን። «ጠዋት» አልነው። «ጠዋት ስንት ሰዓት?» አለን። ከመካከላችን ታላቃችን የሆኑት ተቆጥተው «ልጄ፣ አንተ ሐኪም ነህ ወይስ ፖሊስ?» አሉት። ልጁ አልተቀየመም፤ ግን መልስ አላገኘም።

አባላችን ተርፋ ዛሬ ከእኛ ጋር ናት። ጥያቄው ግን አልለቀቀንም። ከየት እንደመጣ ስናጣራ፣ ከኋላው የብዙ ሰው ሕይወት ያለበት ታሪክ ሆኖ አገኘነው።

ሰውነቱ በሰፊው የተቃጠለ ሰው ለምን ይሞታል? ድሮ ብዙ ሐኪሞች ከተቃጠለው ቆዳ ወደ ደም የሚገባ መርዝ ነው የሚገድለው ብለው ያምኑ ነበር። ስለዚህ ትኩረታቸው ቁስሉ ላይ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1925 ኤድዋርድ ዴቪድሰን የተባለ አሜሪካዊ ሐኪም ታኒክ አሲድ መቀባትን አስተዋወቀ፤ ቆዳ ፋቂዎች ቆዳ የሚያለፉበት ዓይነት ንጥረ ነገር ነው። ለዓመታት በትልልቅ ሆስፒታሎች ሳይቀር ተሠራበት። ይህን ስናነብ በእንቁላላችን የተሰማን ኀፍረት ትንሽ ቀለል አለልን።

ሌላው መንገድ የተጀመረው ከዚያ በፊት፣ እ.ኤ.አ. ኅዳር 27 ቀን 1921 በአሜሪካ ኒው ሄቨን ከተማ ነው። ሪያልቶ በተባለ ሲኒማ ቤት ውስጥ ለፊልሙ ድምቀት ተብሎ የተጨሰ ዕጣን እሳት አስነሣ። በዚያው ከተማ በየል ዩኒቨርሲቲ የሚያስተምር ፍራንክ አንደርሂል የተባለ ሰው የተቃጠሉትን ማጥናት ጀመረ። አንደርሂል በአንደኛው የዓለም ጦርነት የመርዝ ጋዝ ጉዳትን ያጠና ስለነበር፣ የደም ውሃ ወደ ሳንባ ሲፈስ የቀረው ደም እንደሚወፍር ያውቃል። ቃጠሎው ላይ የቋጠረውን ውሃ ሲመረምር ከደም ፈሳሽ ክፍል፣ ከፕላዝማ፣ ጋር በጣም የሚመሳሰል ሆኖ አገኘው። የተጎጂዎቹም ደም ወፍሮ ነበር። ሰውየው በውጭ ሲታይ ደም አልፈሰሰውም፤ በውስጥ ግን ደሙ ውሃ እያጣ ነው። ሕክምናውም የጎደለውን ፈሳሽ መተካት ነው አለ።

በእኛ በሒሳብ ሠራተኞች ቋንቋ፣ ገንዘቡ ከቤት አልወጣም፤ ከካዝናው ወጥቶ የማይታዘዝበት ኪስ ውስጥ ገብቷል ማለት ነው። ቃጠሎው ሰፊ ሲሆን ቀጫጭን የደም ሥሮች ያፈስሳሉ፣ ባልተቃጠለው የሰውነት ክፍል ሳይቀር። ውሃው፣ ጨውና ፕሮቲኑ ወደ ሥጋ ስለሚሰርጉ ሰውየው እያበጠ ሳለ ደሙ ይጎድላል። ኩላሊት ሥራውን ያቆማል፣ ልብም የምትረጨው ታጣለች። ፍሰቱ የሚበረታው በመጀመሪያዎቹ ሰዓታት ነው።

እ.ኤ.አ. ኅዳር 28 ቀን 1942 በቦስተን ኮኮናት ግሮቭ የተባለ የምሽት ክበብ ተቃጠለ። ተሽከርካሪው በር በሰው ተጣበቀ፣ ሌሎች በሮች ተቆልፈው ነበር፤ 492 ሰዎች ሞቱ። በማሳቹሴትስ ጄኔራል ሆስፒታል ኦሊቨር ኮፕና ባልደረቦቹ ታኒክ አሲዱን ትተው ቁስሉን ቫዝሊን በተነከረ ጨርቅ ብቻ ሸፈኑት፤ ለተጎጂዎቹም ፕላዝማ በደም ሥር ሰጡ። ከጥቂት ዓመታት በኋላ፣ በ1947፣ ኮፕና ፍራንሲስ ሙር በቃጠሎ ጊዜ የሰውነት ውሃ ከየት ወደ የት እንደሚሄድ የሚያስረዳ ጥናት አወጡ። ሙር ቆይቶ የራሱን ስሌት «የቃጠሎ በጀት» ብሎታል። ስሙን እኛ አላወጣንለትም!

በጀት ደግሞ ቁጥር ይፈልጋል። እ.ኤ.አ. በ1951 ስኮትላንዳዊው አሌክሳንደር ዋላስ አዋቂ ሰው ላይ የሚሠራውን የዘጠኝ ሕግ አሳተመ፦ ራስ 9 በመቶ፣ እያንዳንዱ ክንድ 9፣ እያንዳንዱ እግር 18፣ የፊት ገላ 18፣ ጀርባ 18፣ የቀረው 1። የሕፃን ራስ ከገላው አንጻር ትልቅ ስለሆነ ለእሱ ይህ አይሠራም። ቀልቶ ብቻ የቀረ ቆዳም አይቆጠርም። በ1952 ኤቨረት ኢቫንስ ክብደትንና የቃጠሎውን ስፋት አንድ ላይ ያሰላ ቀመር አወጣ። በ1968 ደግሞ በዳላስ ፓርክላንድ ሆስፒታል ቻርልስ ባክስተርና ቶም ሻየርስ እስከ ዛሬ በዓለም ዙሪያ የሚታወቀውን ቀመር አቀረቡ። የሚሰጠው ሪንገር ላክቴት የተባለው ጨዋማ ፈሳሽ ነው፤ እኛ የተሰቀለውን ሁሉ «ግሉኮስ» እንለዋለን እንጂ።

ቀመሩ 4 ሚሊ ሊትር፣ በኪሎ ክብደት፣ በተቃጠለው የመቶኛ መጠን ይባዛል ይላል። 50 ኪሎ የምትመዝን ሴት 30 በመቶ ብትቃጠል 4 ሲባዛ በ50፣ ሲባዛ በ30፣ 6,000 ሚሊ ሊትር ይሆናል። ስድስት ሊትር ማለት ነው። ግማሹ በመጀመሪያዎቹ 8 ሰዓታት፣ ግማሹ በቀጣዮቹ 16 ሰዓታት ይሰጣል። ስምንቱ ሰዓት የሚቆጠረው ሆስፒታል ከተደረሰበት ሳይሆን ከተቃጠለችበት ደቂቃ ነው። ልጁ የጠየቀን ይህንን ነበር። ጠዋት 2 ሰዓት ላይ ተቃጥላ ወዲያው ብትደርስ በሰዓት 375 ሚሊ ሊትር ይበቃታል። ከቀኑ 7 ሰዓት ላይ ብትደርስ ግን በቀመሩ መሠረት ሦስቱ ሊትር በቀሩት 3 ሰዓታት፣ ማለትም በሰዓት አንድ ሊትር መግባት ሊኖርበት ነው። በፊርማ ፍለጋ የባከነው ጊዜ ከማን ሒሳብ እንደተቀነሰ ያየነው ይህን ስናሰላ ነው።

ቀመሩ መነሻ ብቻ ነው። ፈሳሹ ሲበዛም ሳንባን ያጥለቀልቃል፣ ሆድን ይነፋል፤ ስለዚህ ዛሬ ብዙ ሐኪሞች ለአዋቂ ከ4 ሳይሆን ከ2 ሚሊ ሊትር ይጀምራሉ። ቀጥሎ ሽንት በየሰዓቱ እየተለካ ፈሳሹ ይጨመራል ወይም ይቀነሳል፤ ለአዋቂ በኪሎ ግማሽ ሚሊ ሊትር ገደማ ከመጣ ጥሩ ነው። በየሰዓቱ ለክቶ የሚጽፍ ነርስ ከሌለ ቀመሩ ብቻውን ብዙ አይረዳም።

በአገራችን ለከባድ ቃጠሎ ስሙ ቀድሞ የሚነሳው አዲስ አበባ ያለው የካቲት 12 ሆስፒታል ነው። ከሩቅ ቦታ ተነስቶ እዚያ እስኪደረስ ግን ስምንቱ ሰዓት ሊያልፍ ይችላል። ስለዚህ ፈሳሹ እዚያው ቅርብ ባለ ጤና ተቋም ተጀምሮ፣ በሪፈር ወረቀቱ ላይ ሰዓቱና የተሰጠው መጠን ሊጻፍ ይገባል። የዓለም ጤና ድርጅት በዓመት ወደ 180,000 ሰው በቃጠሎ እንደሚሞት፣ አብዛኛውም እንደኛ ባሉ አገሮች መሆኑን ይገልጻል።

ከዚያ ወዲህ የለወጥነው ጥቂት ነው። የሚጥል በሽታ ያለባት አባል ብቻዋን አትጋግርም፤ ተራ ወጥቷል። ለተቃጠለ ሰው እንቁላል፣ ሊጥ፣ ቅቤ፣ የጥርስ ሳሙና፣ በረዶም ክልክል ነው፤ 20 ደቂቃ ንጹሕ ቀዝቃዛ ውሃ ማፍሰስ፣ ቀለበትና አምባር ማውለቅ፣ በንጹሕ ጨርቅ ሸፍኖ እንዳይበርዳት ማልበስ ነው። በሩ አጠገብ የግድግዳ ሰዓትና ጠመኔ ሰቅለናል፤ መጀመሪያ የደረሰች ሰዓቱን ትጽፋለች።

ስለ ሦስቱ ፊርማ በጉባኤው ክርክር ነበር። ደንቡን ያወጣነው እኛው ነን፣ በምክንያት፤ የለጋሾቻችንም ገንዘብ ነው። በመጨረሻ ለቃጠሎና ለወሊድ አንድ ፊርማ እንዲበቃ፣ ደረሰኙም በሦስት ቀን ውስጥ እንዲቀርብ ተስማማን። የግድግዳ ሰዓቱ በዘንድሮው የንብረት መዝገብ ሰፍሯል። ባትሪውን የምትከታተለው ያቺው አባላችን ናት።