አቤንኤዘር፡- የስሙ ትርጕምና አመጣጥ

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ አሜን።

ከቅርብ ዘመን ወዲህ ምእመናን ለወንዶች ልጆቻቸው ከሚያወጧቸው መጽሐፍ ቅዱሳዊ ስሞች አንዱ «አቤንኤዘር» ነው፤ ብዙዎች «አቤኔዘር» እያሉ ይጠሩታል። ስሙ በአባቶቻችንና በእናቶቻችን ዘንድ የተለመደ ስላልነበረ ሁለት ጥያቄዎች ይነሡበታል። አንደኛው «ምን ማለት ነው?» የሚል ሲሆን ሁለተኛው «ለኦርቶዶክሳዊ ልጅ የሚገባ ስም ነውን?» የሚል ነው። በዚህ ጽሑፍ የቃሉን ፍቺና ስያሜው የተሰጠበትን ታሪክ ከተመለከትን በኋላ ለሁለቱም ጥያቄዎች መልስ እንሰጣለን።

የቃሉ ፍቺ

አቤንኤዘር ከሁለት የዕብራይስጥ ቃላት የተመሠረተ ነው። «ኤቤን» ድንጋይ፣ «ዔዜር» ደግሞ ረድኤት ማለት ስለሆነ በአንድነት «የረድኤት ድንጋይ» ተብሎ ይተረጐማል። የመጀመሪያው ቃል ለእኛም እንግዳ አይደለም። ግእዝና ዕብራይስጥ ሴማውያን ቋንቋዎች እንደ መሆናቸው፣ በግእዝም ድንጋይ «እብን» ይባላል። ስለዚህ ስሙን ወደ ግእዝ ብንመልሰው «እብነ ረድኤት» ይሆናል።

ሁለተኛው ቃል በቤተ ክርስቲያናችን ዘንድ የታወቁ ብዙ ስሞች የተገኙበት ሥር ነው። ዕዝራ «ረድኤት»፣ አዛርያስና አልዓዛር ደግሞ «እግዚአብሔር ረዳ» ማለት ናቸው። ሙሴም ከፈርዖን ሰይፍ ያዳነውን አምላክ ረድኤት ለማሰብ ለሁለተኛ ልጁ ከዚሁ ሥር የወጣ ስም ሰጥቶታል (ዘጸ. 18፥4)። በክብረ ነገሥት እንደተተረከው ከቀዳማዊ ምኒልክ ጋር ታቦተ ጽዮንን ይዞ ወደ ኢትዮጵያ የመጣው የሳዶቅ ልጅ ስሙ አዛርያስ ነበር። እንግዲህ «አቤንኤዘር» የሚለው ስያሜ ለጆሮ አዲስ ቢመስልም የቃሉ ዘመዶች በመካከላችን የኖሩ ናቸው።

ስያሜው የተሰጠበት ታሪክ

በመጽሐፍ ቅዱስ አቤንኤዘር ተብሎ የተጠራ ሰው የለም። ስሙ የስፍራና የመታሰቢያ ድንጋይ ስም ነው። በመጀመሪያ የምናገኘውም በድል ሳይሆን በሽንፈት ታሪክ ውስጥ ነው። በካህኑ በኤሊ ዘመን እስራኤል በአቤንኤዘር፣ ፍልስጥኤማውያን ደግሞ በአፌቅ ሰፍረው ተዋጉ፤ ከእስራኤልም ወገን 4,000 ያህል ሰዎች ወደቁ። የሕዝቡ ሽማግሌዎችም ስለ ኃጢአታቸው ንስሓ ከመግባት ይልቅ ታቦተ ሕጉን ከሴሎ አስመጥተው ወደ ሰፈሩ አገቡ። ይሁን እንጂ በሁለተኛው ውጊያ 30,000 እግረኞች ሞቱ፤ ታቦቱም ተማረከች። መሥዋዕተ እግዚአብሔርን ይንቁ የነበሩት የኤሊ ልጆች አፍኒንና ፊንሐስም በዚያው ቀን ተገደሉ (1ኛ ሳሙ. 4፥1-11)።

የ98 ዓመቱ ኤሊ የታቦቷን መማረክ በሰማ ጊዜ ከወንበሩ ወድቆ ሞተ። የፊንሐስ ሚስትም መርዶውን ስትሰማ ምጥ መጣባትና ወንድ ልጅ ወለደች፤ ክብር ከእስራኤል እንደ ራቀ ለማመልከትም ሕፃኑን «ኢካቦድ» ብላ ጠራችው (1ኛ ሳሙ. 4፥18-22)።

ታቦተ ጽዮን በፍልስጥኤም ምድር 7 ወር ቆየች። በዚያም የዳጎን ጣዖት በፊቷ ወድቆ ተሰባበረ፤ ሕዝቡም በመቅሠፍት ተመታ። በመጨረሻም ፍልስጥኤማውያን ራሳቸው እጅ መንሻ ጨምረው መለሷት። ቤተ ክርስቲያናችን ኅዳር 21 ቀን በምታከብረው የጽዮን ማርያም በዓል ይህን ታሪክ ታስባለች።

ታቦቷ ከተመለሰች በኋላ በቂርያትይዓሪም 20 ዓመት ተቀመጠች። ከዚህም በኋላ ነቢዩ ሳሙኤል ሕዝቡን ባዕዳን አማልክትን ከመካከላቸው እንዲያስወግዱና እግዚአብሔርን ብቻ እንዲያመልኩ አዘዛቸው። እነርሱም በምጽጳ ተሰብስበው ጾሙ፤ ኃጢአታቸውንም ተናዘዙ። ፍልስጥኤማውያን በዚያው ሊወጓቸው በመጡ ጊዜ ሳሙኤል የሚጠባ የበግ ጠቦት መሥዋዕት አድርጎ አቀረበ፤ ስለ እስራኤልም ጸለየ። እግዚአብሔርም በታላቅ ነጐድጓድ ጠላቶቻቸውን አስደነገጠ፤ እስራኤልም ድል አደረጉ። ነቢዩም ድንጋይ ወስዶ በምጽጳና በሼን መካከል አቆመ፤ እግዚአብሔር እስከዚያ ድረስ እንደ ረዳቸው ለመመስከርም «አቤንኤዘር» ብሎ ሰየመው (1ኛ ሳሙ. 7፥3-12)።

ኢካቦድና አቤንኤዘር

ሁለቱ ስሞች ጐን ለጐን ሲታዩ ብዙ ያስተምራሉ። ኢካቦድ የኃዘን ስም ነው፤ ሕዝቡ በኃጢአቱ የደረሰበትን ውርደት ይናገራል። አቤንኤዘር የምስጋና ስም ነው፤ ከንስሓ በኋላ የተገኘውን ረድኤት ይመሰክራል። በመካከላቸው ያለው ልዩነት የታቦቷ ኃይል መጕደልና መሙላት አይደለም፤ ያችው ታቦት ያለ ማንም ርዳታ ዳጎንን ሰባብራለችና። የተለወጠው የሕዝቡ ልብ ነው። በመጀመሪያው ጦርነት ቅዱሱን ነገር ይዘው ቅድስናን ተዉ፤ በሁለተኛው ግን በጾም፣ በጸሎትና በመሥዋዕት ቀረቡ።

«እስከዚህ ድረስ» የሚለው ሐሳብም ልብ ሊባል ይገባዋል። ሳሙኤል ድንጋዩን ያቆመው መንገዱ ሁሉ ስላለቀ አልነበረም፤ ያለፈውን ረድኤት መስክሮ ለሚመጣው በእግዚአብሔር ለመታመን ነው። ያዕቆብ በቤቴል ሐውልት ማቆሙ (ዘፍ. 28፥18)፣ ኢያሱም ከዮርዳኖስ ያወጣቸውን 12 ድንጋዮች በጌልገላ መትከሉ (ኢያ. 4፥20-24) በዚሁ መንገድ የሚታይ ነው። ልጆች «ይህ ድንጋይ ምንድን ነው?» ብለው ሲጠይቁ ወላጆች የእግዚአብሔርን ሥራ ይነግሯቸው ዘንድ የተተከሉ ናቸውና። በሐዲስ ኪዳን ደግሞ ግንበኞች የናቁት፣ ለሕንፃው ግን የማዕዘን ራስ የሆነው ድንጋይ ጌታችን ኢየሱስ ክርስቶስ ነው (መዝ. 117፥22፤ 1ኛ ጴጥ. 2፥4-7)። ረድኤታችን የተፈጸመው በእርሱ ነው።

ለኦርቶዶክሳዊ ልጅ ይገባልን?

አንዳንዶች ስሙን በሌሎች ቤተ እምነቶች ዘንድ ስለሚሰሙት «የእኛ አይደለም» ይላሉ። በእርግጥ በእንግሊዝ አገር በ17ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ፒዩሪታን የተባሉ ፕሮቴስታንቶች ለልጆቻቸው ያወጡት ነበር። በኋላም ቻርልስ ዲክንስ እ.ኤ.አ. በ1843 ባሳተመው ታሪክ ውስጥ ለአንድ ስስታም ሰው ስለሰጠው፣ በእንግሊዝኛ ተናጋሪ አገሮች ብዙዎች ስሙን ከዚያ ሰው ጋር ያያይዙታል። ነገር ግን የስሙ ምንጭ ቤተ ክርስቲያን የምታነበው ቅዱስ መጽሐፍ፣ ታሪኩም የታቦተ ጽዮን ታሪክ ነው። ሌሎች ስለተጠቀሙበት የእኛ መሆኑ አይቀርም። በባሕር ማዶ ልጆቻቸውን የሚያሳድጉ ወላጆችም ልጁ በስሙ እንዳያፍር ታሪኩን አስቀድመው ሊነግሩት ይገባል።

ይሁን እንጂ ማስተዋል የሚገባን ነገር አለ። አቤንኤዘር የመጠሪያ ስም እንጂ የክርስትና ስምን የሚተካ አይደለም። ወንድ ልጅ በተወለደ በ40 ቀኑ ሲጠመቅ እንደ ወልደ ሚካኤል፣ ገብረ ሥላሴ፣ ኃይለ ማርያም ያለ የክርስትና ስም ይሰጠዋል። በቤተ ክርስቲያን በጸሎት የሚታሰበው፣ ከዚህ ዓለም ሲለይም ጸሎተ ፍትሐት የሚደርስለት በዚሁ ስም ነው። ወላጆች የመጠሪያውን ስም ሲመርጡ የክርስትናውን ስም ሊዘነጉት አይገባም።

ስም ብቻውን ጠባቂ አይሆንም። እስራኤል «የረድኤት ድንጋይ» በተባለው ስፍራ ሰፍረው፣ ታቦቱንም በመካከላቸው ይዘው ተሸንፈዋል፤ ንስሓ አልነበራቸውምና። ልጁን አቤንኤዘር ብሎ የጠራ ወላጅም ልጁን በቤተ ክርስቲያን ጥላ ሥር በጾምና በጸሎት፣ በንስሓና በቅዱስ ቍርባን ሊያሳድገው ይገባል። ያን ጊዜ ልጁ በተጠራ ቍጥር ቤተሰቡ እግዚአብሔር እስከዚህ ድረስ እንደ ረዳው ያስታውሳል፤ ስሙም ሳሙኤል እንዳቆመው ድንጋይ ምስክር ይሆናል።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር፤
ወለወላዲቱ ድንግል፤
ወለመስቀሉ ክቡር። አሜን።