እሌኒ፦ ከኢየሩሳሌም እስከ ሐዲያ

መስከረም 16 ቀን በአዲስ አበባ መስቀል አደባባይ ደመራው ከመለኮሱ በፊት የሰንበት ትምህርት ቤት መዘምራን ትርኢታቸውን ይዘው ይገባሉ። ከመካከላቸው ዘውድ ደፍታ፣ ካባ ደርባ የምትታየው ወጣት ማንን ወክላ እንደቆመች ሕፃናት እንኳ አይጠፋቸውም። ንግሥት እሌኒ ናት፤ የጌታን መስቀል ፍለጋ እስከ ኢየሩሳሌም የተጓዘችው የቆስጠንጢኖስ እናት። የስሙ ዝና በአገራችን ከዚህ በዓል ጋር የተሳሰረ በመሆኑ፣ ልጁን እሌኒ ብሎ የሚሰይም ብዙ ወላጅ የሚያስበው ይህችኑ ንግሥት ነው።

ኢትዮጵያ ግን የራሷም እሌኒ አላት። ከሐዲያ ገዥ (ገራድ) ቤት ወጥታ የዐፄ ዘርዓ ያዕቆብ ባለቤት የሆነች፣ የስድስት ነገሥታትን ዘመን ያየች፣ በእርጅናዋ ለልጅ ንጉሥ ሞግዚት ሆና አገር ያስተዳደረች፣ እስከ ሊዝበን መልእክተኛ የላከች ሴት ናት። ስሙ በእኛ አገር ሙሉ ትርጉሙን የሚያገኘው የሁለቱ ንግሥቶች ታሪክ አብሮ ሲነገር ነው ብዬ አምናለሁ።

የስሙ ሥር

እሌኒ ከግሪክ የመጣ ስም ነው። በጥንቱ ግሪክኛ አነጋገሩ «ሄሌኔ» ነበር። ከሁሉ ቀድማ በዚህ ስም የታወቀችው በሆሜር ድርሰት የምትገኘው፣ የትሮይ ጦርነት በእርሷ ምክንያት ተነሣ የሚባልላት የስፓርታ ንግሥት ናት። ሊቃውንት ስለ ስሙ ሥር ብዙ ቢከራከሩም፣ የቆየውና የታወቀው ትርጓሜ «ችቦ» የሚለው ነው። በየዓመቱ ደመራ በችቦ ለሚለኩስ ሕዝብ ይህ ትርጉም እንግዳ አይሆንበትም።

ዘመን ሲገፋ የግሪክኛ አነጋገር ተለወጠ። የመጀመሪያው የ«ሀ» ድምፅ ጠፋ፤ የመጨረሻው «ኔ» ወደ «ኒ» ዞረ፤ «ሄሌኔ» የነበረው «ኤሌኒ» ሆነ። የግእዝ መጻሕፍት የያዙት ይህን ኋለኛውን አነጋገር ነው። ስለዚህ ዛሬ በአንድ ክፍል ውስጥ ሄለንና እሌኒ የሚባሉ ሁለት ተማሪዎች ቢገኙ፣ ስማቸው አንድ ሆኖ የመጣበት መንገድ ይለያያል። ሄለን በአውሮፓ ቋንቋዎች በኩል ዞሮ የመጣ የቅርብ ጊዜ አጠራር ነው። እሌኒ ግን ከዚያ በመቶዎች ዓመታት ቀድሞ በቤተ ክርስቲያን መጻሕፍት በኩል ገብቶ በካህናትና በምእመናን አፍ የኖረ ነው። ስንክሳር ግንቦት 9 ቀን የንግሥት እሌኒን የዕረፍት መታሰቢያ ያነባል።

በኢትዮጵያ ኦርቶዶክስ ተዋሕዶ ቤተ ክርስቲያን ሥርዓት ሴት ልጅ በ80 ቀኗ ስትጠመቅ የምትቀበለው የክርስትና ስም ብዙውን ጊዜ ወለተ ማርያም፣ ወለተ ጊዮርጊስ፣ ወለተ ሚካኤል እንደሚሉት በ«ወለተ» የሚጀምር ነው። ይህ ስም በጸሎት፣ በቁርባንና በፍትሐት ጊዜ የሚጠራ ነው። እሌኒ ደግሞ ከቅዱሳን ታሪክ የተወሰደ ሆኖ ሳለ እናት ከጓዳ፣ ጎረቤት ከአጥር ማዶ፣ መምህር ከክፍል ውስጥ የሚጠራው የዘወትር ስም ሆኗል።

የቆስጠንጢኖስ እናት

የመጀመሪያዋ እሌኒ የተወለደችው በ3ኛው መቶ ክፍለ ዘመን አጋማሽ ገደማ ሲሆን፣ የትውልድ ስፍራዋ በትንሿ እስያ የምትገኘው ድሬፓኖም እንደሆነች ይታመናል። ከተራ ቤተሰብ የወጣች ሴት ነበረች። የሚላኑ ጳጳስ አምብሮስዮስ በመንገደኞች ማደሪያ ቤት ታገለግል እንደነበር ጽፏል። ከሮማዊው የጦር መኮንን ከቆንስጣ ቆስጠንጢኖስን ወለደች። ባልየው በሹመት ከፍ እያለ ሲሄድ ግን ለዙፋን የሚያቀርበውን ጋብቻ መረጠና የንጉሠ ነገሥቱን የማክሲሚያንን የእንጀራ ልጅ ቴዎዶራን አገባ። እሌኒም ከቤተ መንግሥቱ ርቃ ብዙ ዓመታት ኖረች።

ቆስጠንጢኖስ እ.ኤ.አ. በ306 ከነገሠ በኋላ እናቱን ወደ ክብር መለሳት። «አውግስታ» የሚለውን የንግሥትነት ማዕረግ ሰጣት፤ ምስሏን በገንዘብ ላይ አስቀረጸ፤ ድሬፓኖምንም «ሄሌኖፖሊስ»፣ የእሌኒ ከተማ ብሎ በስሟ ሰየመ። እርሷም ዕድሜዋ ወደ 80 ሲጠጋ፣ እ.ኤ.አ. ከ326 እስከ 328 ባለው ጊዜ ወደ ቅድስት አገር ተጓዘች። በዘመኑ የነበረው ታሪክ ጸሐፊ አውሳብዮስ ዘቂሣርያ ጉዞዋን ሲመዘግብ በቤተ ልሔምና በደብረ ዘይት ተራራ ያሠራቻቸውን አብያተ ክርስቲያናት፣ ለድሆችና ለእስረኞች ያደረገችውን ቸርነት ይተርካል። የመስቀሉን መገኘት ከስሟ ጋር አያይዞ የተናገረው ደግሞ አምብሮስዮስ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ395 ለንጉሠ ነገሥት ቴዎዶስዮስ ባደረገው የስንብት ንግግር።

የእኛ ሊቃውንት ታሪኩን ሲያስተምሩ ኪራኮስ የሚባለውን አረጋዊ ያነሣሉ። መስቀሉ የተቀበረበትን ስፍራ የጠቆማት እርሱ ነው። በምክሩ መሠረት እንጨት አስደምራ ዕጣን ጨምራ ብትለኩሰው ጢሱ ወደ ላይ ወጥቶ ተመልሶ ስፍራውን አመለከተ። ቁፋሮው መስከረም 17 ተጀምሮ መጋቢት 10 ቀን መስቀሉ ተገኘ። ሁለቱም ቀናት በቤተ ክርስቲያን ይከበራሉ። የመስቀል በዓል አከባበራችን እ.ኤ.አ. በ2013 በዩኔስኮ የማይዳሰሱ ቅርሶች መዝገብ ሲሰፍር፣ ከ1,600 ዓመታት በላይ ዕድሜ ያለው የአንዲት አሮጊት ጉዞ ትዝታም አብሮ ተመዘገበ ማለት ነው።

የሐዲያው ገራድ ልጅ

አሁን ወደ 15ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ኢትዮጵያ እንምጣ። ሐዲያ «ገራድ» በሚባሉ ገዥዎች የሚተዳደር ሀብታም የእስልምና ግዛት ነበር። በ14ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ዐፄ ዓምደ ጽዮን ካሸነፈው ጀምሮ ለክርስቲያኑ ንጉሥ ይገብር ነበር። ገራድ መሐመድ በሥልጣን ላይ ሳለ ልጁ ለዐፄ ዘርዓ ያዕቆብ ተዳረች። ክርስትናን ተቀብላም እሌኒ ተባለች።

በዚያ ዘመን፣ በዚያ ቤት ይህን ስም መሸከም ቀላል ነገር አልነበረም። እ.ኤ.አ. ከ1434 እስከ 1468 የነገሠው ዘርዓ ያዕቆብ ስለ መስቀል ክብር የጻፈና ያወጀ ንጉሥ ነው። አባቱ ዐፄ ዳዊት ያስመጣውን ግማደ መስቀል በግሸን አምባ ያስቀመጠው እርሱ መሆኑን የቤተ ክርስቲያን ትውፊት ይናገራል፤ መስከረም 21 ቀን ምእመናን ወደ ግሸን ማርያም የሚጎርፉትም ይህን በማሰብ ነው። የዚህ ንጉሥ ባለቤት በመስቀሉ ፈላጊ ስም መጠራቷ ምን ያህል ክብር እንደነበረው መገመት አያዳግትም።

ጋብቻው ግን ከፈተና አላዳናትም። ከገራድ መሐመድ በኋላ ሐዲያን የያዘው ልጁ ማሒኮ ነበር፤ የእሌኒ ወንድም ማለት ነው። ማሒኮ አልገብርም ብሎ ከአዳል ሱልጣኔት ጋር ተስማማ። ዘርዓ ያዕቆብ ሽሮት በምትኩ አጎቱን ባሞን ሾመ። ማሒኮ ሲሸሽ የዳሞት ወታደሮች ደርሰው ገደሉት። ባሏና ወንድሟ በጦር ሲፈላለጉ በመካከል የቆመችው እሌኒ ከቤተ መንግሥት ሳትወጣ፣ ከበሬታዋ ሳይጎድል ኖረች።

የበለጠ የከበረችው ደግሞ ባሏ ከሞተ በኋላ ነው። ተተኪው ዐፄ በእደ ማርያም እናቱን ጽዮን ሞገሳን ያጣው አባቱ ባስፈጸመባት ግርፋት ነበር። ሲነግሥ የእናትን ስፍራና የንግሥትነትን ማዕረግ ለእሌኒ ሰጠ። ከእርሱ በኋላ እስክንድር፣ ለጥቂት ወራት ብቻ የነገሠው ሁለተኛው ዓምደ ጽዮን፣ ከዚያም ናዖድ ተከታትለው ነገሡ። መኳንንቱ ሲጣሉ፣ ሹማምንት ሲወጡና ሲወርዱ እሌኒ ምክሯ የሚሰማ ሴት ሆና ቀጠለች። እ.ኤ.አ. በ1508 ናዖድ ሲሞት ከአቡነ ማርቆስ ጋር መክራ የአሥራ አንድ ወይም የአሥራ ሁለት ዓመት ልጅ የነበረውን ልብነ ድንግልን አነገሠችው። እስኪጎለምስም አገሩን በሞግዚትነት መራች።

ወደ ሊዝበን የሄደው መስቀል

የስሙና የሴትዮዋ ታሪክ እጅ ለእጅ የሚያያዘው እዚህ ላይ ነው። እሌኒ ሁለቱንም ወገን ታውቃለች። የእስልምና ግዛት ልጅ፣ የክርስቲያን ንጉሥ ባለቤት ናት። ከጎረቤት ሱልጣኔቶች ጋር ሰላምና ንግድ እንዲኖር ትሻ ነበር። በሌላ በኩል የዘይላው ገዥ ማሕፉዝ በየዓመቱ በዐቢይ ጾም ወቅት፣ ሕዝቡ በጾም በደከመበት ሰዓት፣ ደጋውን እየወረረ ይመለስ ነበር። ከቀይ ባሕር ማዶም ኃያላን ሲነሡ ትመለከት ነበር። የኢትዮጵያ ጦር በምድር ላይ ቢጠነክርም በባሕር ላይ መርከብ አልነበረውም።

ስለዚህ እ.ኤ.አ. በ1509 ለፖርቱጋሉ ንጉሥ ለቀዳማዊ ማኑኤል ደብዳቤ ጻፈች። መልእክተኛዋ ማቴዎስ የሚባል አርመናዊ ነጋዴ ነበር። ደብዳቤው ኅብረት ይጠይቃል፤ እናንተ መርከብ አምጡ፣ እኛ ሠራዊትና ስንቅ እናቀርባለን የሚል ሐሳብ ይዟል። የሁለቱ ነገሥታት ልጆች በጋብቻ እንዲተሳሰሩም ይጋብዛል። ከደብዳቤው ጋር አብሮ የተላከው ስጦታ ከግማደ መስቀሉ እንጨት የተሠራ መስቀል ነበር። የመጀመሪያዋ እሌኒ ከምድር ያወጣችውን እንጨት ሁለተኛዋ እሌኒ የሁለት አገሮች የቃል ኪዳን ምልክት አድርጋ ወደ ምዕራብ ሰደደችው። ከስሟ ጋር የሚስማማ ከዚህ የተሻለ እጅ መንሻ አይገኝም ነበር።

ማቴዎስ በህንድ በኩል ዞሮ እ.ኤ.አ. በ1512 ጎዋ ደረሰ። በመርከብ ላይ አሳሳች ሰላይ ነው ተብሎ ብዙ ተንገላቷል። በ1514 ሊዝበን ሲገባ ግን ንጉሥ ማኑኤል በክብር ተቀበለው፤ ግማደ መስቀሉንም በታላቅ አክብሮት ተረከበ። የመልስ መልእክተኞቹ ከብዙ መጓተት በኋላ እ.ኤ.አ. በ1520 በሮድሪጎ ዴ ሊማ መሪነት ምፅዋ ወረዱ። አብሯቸው የተመለሰው ማቴዎስም ብዙ ሳይቆይ በደብረ ቢዘን ገዳም አካባቢ ዐረፈ። በዚያን ጊዜ ልብነ ድንግል ጎልምሷል፤ ማሕፉዝንም በ1517 አሸንፎ ገድሎታል። የአያት ያህል አሳዳጊው ያቀደችው የባሕር ኅብረት በእርሱ ዓይን ያን ያህል አስቸኳይ አልነበረም።

ከመልእክተኞቹ ጋር የመጣው ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ የእሌኒ ሞት በተሰማ ጊዜ የሕዝቡ ሐዘን ምን ያህል ጥልቅ እንደነበር ጽፏል። ትንሹም ትልቁም እንደ አባትና እንደ እናት ይመለከታት እንደነበረ ነው የሚመሰክረው። ያረፈችው እ.ኤ.አ. በ1522 ገደማ ነው።

ከ20 ዓመት ገደማ በኋላ፣ የአዳሉ የኢማም አህመድ ጦር አገሩን አዳርሶ ልብነ ድንግልም ከሞተ ወዲያ፣ 400 ያህል ፖርቱጋላውያን በክሪስቶቫኦ ዳ ጋማ መሪነት በ1541 ምፅዋ ወርደው ወደ ደጋው ዘለቁ። ዳ ጋማ ራሱ ተይዞ ተገደለ፤ የተረፉት ከዐፄ ገላውዴዎስ ጦር ጋር ሆነው በ1543 በወይና ደጋ ተሰለፉ። የዚህ ሁሉ ግንኙነት መነሻው እሌኒ በ1509 ያስጻፈችው ደብዳቤ ነው። አርቃ ያየችውን አደጋ ሌሎች ያዩት ቤታቸው ሲቃጠል ነበር።

ከብዕርም፣ ከድንጋይም

እሌኒ የምትታወሰው በፖለቲካ ብቻ አይደለም። ፖርቱጋላዊው ጸሐፊ ዳሚያኦ ደ ጎይስ ሃይማኖታዊ መጻሕፍትን የደረሰች ምሁር እንደነበረች መዝግቧል። በጎጃም እነብሴ የሚገኘው መርጡለ ማርያምም ከስሟ ጋር ተያይዞ ይነሣል። በዚያ ያሠራችው በወርቅ ያጌጠ ቤተ ክርስቲያን በ16ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ጦርነት ጠፋ። በ17ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ኢየሱሳውያን በዚያው ስፍራ መልሰው ከሠሩት ሕንፃ የቀረው የተጠረበ ድንጋይ ዛሬም ይታያል።

በትውልድ አገሯም አልተረሳችም። የሐዲያ ዞን ዋና ከተማ በሆነችው በሆሳዕና፣ በዋቸሞ ዩኒቨርሲቲ ሥር የሚተዳደረው ሆስፒታል «ንግሥት እሌኒ መሐመድ መታሰቢያ» ተብሎ ይጠራል። ይህ አጠራር ትልቅ ነገር ይነግረናል። እሌኒ የክርስቲያን ስም ነው፤ መሐመድ የሙስሊም አባቷ ስም። ሁለቱ በአንድ ሰሌዳ ላይ፣ በአንዲት ኢትዮጵያዊት ሴት ስምነት ተጽፈዋል። ንግሥቲቱ በሕይወቷ ሁለቱንም እንደተሸከመች ሁሉ፣ የሐዲያ ሕዝብም ከሁለቱ አንዱን ሳይጥል አስቀምጦላታል።

ለዚህ ነው የስሙ ትርጉም በመዝገበ ቃላት ከሚገኘው በላይ ይሰፋል የምለው። የመጀመሪያዋ እሌኒ ባሏ ለሹመት ሲል የተዋት ሴት ስትሆን፣ ሁለተኛዋ የወገኖቿን ቤት ትታ ወደ ባዕድ ቤት የሄደች ሙሽራ ናት። ሁለቱንም ዙፋን በውርስ አልጠበቃቸውም። ሁለቱም ትልቁን ሥራቸውን የሠሩት ዕድሜያቸው ከገፋ በኋላ ነው። አንዷ የተቀበረውን ፈልጋ አወጣች፤ ሌላዋ የሚመጣውን አስቀድማ አየች።

ልጃቸውን እሌኒ ብለው የሰየሙ ወላጆች የመስቀሉን ታሪክ ለመንገር አይቸገሩም፤ በዓሉ ራሱ በየዓመቱ ይነግርላቸዋል። የሐዲያዋን ንግሥት የሚነግርላቸው ደመራ ግን የለም። እርሷን ማስተዋወቅ የእናትና የአባት፣ የመምህርና የጸሐፊ ድርሻ ነው። አንዲት ተማሪ ስሟን በደብተሯ ላይ ስትጽፍ፣ ይህ ስም ከአምስት መቶ ዓመት በፊት በገዛ አገሯ ደብዳቤ ያስጻፈች፣ ንጉሥ ያነገሠች፣ የሁለት ሃይማኖት ቤተሰብን ያገናኘች ሴት ስም መሆኑን ማወቅ ይገባታል። ያን ጊዜ ስሙ ከሩቅ አገር የተዋሰችው ጌጥ መሆኑ ቀርቶ፣ ከራሷ ቀደምት የወረሰችው ርስት ይሆንላታል።