ሰማንያ ወይስ ደመወዝ፦ በብቸናና በሞጣ የጋብቻ ክርክር የምስክር መንገድ

በቀድሞው የጎጃም ጠቅላይ ግዛት፣ በብቸናና በሞጣ አውራጃዎች፣ ባልና ሚስት ተካሰው ችሎት ፊት በቆሙ ጊዜ ክርክሩ ብዙውን ጊዜ በአንድ ቃል ላይ ያርፍ ነበር። ሴቲቱ «በሰማንያ ያገባኝ ሚስቱ ነኝ» ትላለች፤ ወንዱ «በደመወዝ የገባች ናት እንጂ ሚስቴ አይደለችም» ብሎ ይመልሳል። ልዩነቱ ቀላል አልነበረም። የሰማንያ ሚስት ከባሏ ጋር ያፈራችውን ከብትና እህል ትካፈላለች፤ በደመወዝ የገባች ግን የተቆረጠላትን ተቀብላ ትሰናበታለች። እንግዲህ ለዓመታት ጎጆ አቅንታ ልጅ ያሳደገች ሴት እኩሌታዋን ይዛ መውጣቷ ወይም ባዶ እጇን መቅረቷ የተንጠለጠለው በቆጠረቻቸው ምስክሮች ቃል ላይ ነው።

በልማዱ መሠረት ሰማንያ የሚጸናው በሰው ፊት ነው። ሽማግሌ ተቀምጦ፣ ዋስ ተጠርቶ ውሉ ይነገራል፤ መዝገቡም በዚያ የተገኙት ሰዎች ትዝታ ነው። ሙሽራዪቱ አብዛኛውን ጊዜ ገና በልጅነቷ የምትዳር ስለነበረች የውሉን ቃል ራሷ ልብ ብላ አልሰማችውም። ከሠርጉ በኋላ የአባቷን ቤት ትታ ወደ ባሏ አገር ትሄዳለች። በእርሷ ወገን የነበሩት ዋሶችና ሽማግሌዎች በትውልድ ቀበሌዋ ይቀራሉ፤ የዕለት ኑሮዋን የሚያዩት ጎረቤቶች ግን የባሏ ወንድሞች፣ አጎቶችና የርስት ተጋሪዎች ናቸው። ኑሮዋን የሚያውቀው ሰው ሊመሰክርላት አይወድም፤ ሊመሰክርላት የሚወደው ደግሞ በሩቅ ነው።

በ1952 ዓ.ም. የታወጀው የፍትሐ ብሔር ሕግ በክብር ሹም ፊት፣ በሃይማኖት ሥርዓትና በአገር ልማድ የሚፈጸሙትን ጋብቻዎች ሁሉ ተቀበለ። የጋብቻ የምስክር ወረቀት በሌለበት ጊዜ ሁለቱ ሰዎች እንደ ባልና ሚስት መኖራቸውን፣ ዘመድና ጎረቤትም እንዲሁ ያያቸው እንደነበረ በሰው ምስክር ማስረዳት ተፈቀደ። ምስክሮቹ የተጋቢዎቹ ዘመዶች ቢሆኑም ሕጉ አልከለከለም። በወረቀት ላይ ሲታይ መብቱ ለሁለቱም ወገን እኩል ነው፤ ጎረቤቱ በሙሉ የአንዱ ወገን ዘመድ በሆነበት መንደር ግን እኩልነቱ ከችሎቱ ደጅ አላለፈም ቢባል ማጋነን አይሆንም።

ሕጉ ጋብቻ መኖር አለመኖሩን የመወሰን ሥልጣን ለፍርድ ቤት ብቻ ሰጥቶ፣ የፍቺን ጥያቄ ለቤተ ዘመድ ሽማግሌዎች ተወ። የጋብቻው ምስክሮች የነበሩ ሰዎች ሽማግሌ ሆነው የሚቀመጡበት መንገድም ክፍት ነበር። በዚህም ሳቢያ ትናንት እማኝ የነበረው ሰው ዛሬ ፍቺውን የሚቆርጥ ይሆናል።

በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ደግሞ ተከራካሪው የምስክሮቹን ስም ዝርዝር አስቀድሞ እንዲያቀርብ፣ መጥሪያ የሚያስወጣም ወገን ለምስክሩ የመንገድና የስንቅ ወጪ ገንዘብ እንዲያስይዝ አዘዘ። ለከተማ ነጋዴ ይህ ተራ ነገር ነው። ከባሏ ቤት በለበሰችው ልብስ ብቻ ለወጣች የገጠር ሴት ግን የምስክሮቿን ወጪ እንድትችል የተጠየቀችው ገና ከምትከራከርበት ንብረት ነበር። የአውራጃው ፍርድ ቤት የሚያስችለው በአውራጃው ከተማ ነው፤ ነገሩ ወደ ከፍተኛው ፍርድ ቤት ከዘለቀ መንገዱ ወደ ደብረ ማርቆስ፣ ከጮቄ ተራራ ማዶ ይሆናል። ምስክሩ ገበሬ ነው፤ ቀጠሮው በእርሻ ወራት ከዋለ በሬውን ፈትቶ መምጣት አለበት፤ ችሎቱ ለሌላ ቀን ከተላለፈም እንደገና ይመጣል። ሕጉ ለድኻ ከዳኝነት ክፍያ ነፃ የሚሆንበትን ሥርዓት ቢያበጅም የምስክሩን መንገድ አላሳጠረም።

ጋብቻው አስቀድሞ ለምን አልተመዘገበም የሚል ቢኖር የ1960 ዓ.ም.ን ዐመፅ ማስታወስ ይገባዋል። በዚያ ዓመት በእርሻ ገቢ ግብር ምክንያት በጎጃም የተነሣው ዐመፅ ሞጣንና ብቸናን አጥብቆ የያዘ ሲሆን፣ ገበሬው ግምቱንና ልኬቱን የተቃወመው ርስቴን ያሳጣኛል ብሎ ነው። መዝገብን በዚህ ዓይን ለሚያይ ሕዝብ ሚስቱን በሹም ፊት ማጻፍ የሚዋጥለት ነገር አልነበረም።

የ1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት ዐዋጅ ርስትን ሽሮ የቀበሌን የመሬት ክርክር ለገበሬ ማኅበር ፍርድ ሸንጎ ሰጠ። መንገዱ በእርግጥ አጠረ። ነገር ግን በፍርድ ወንበር የተቀመጠው ያው ጎረቤት ነው፤ በማኅበሩ የሚመዘገበውም አብዛኛውን ጊዜ የቤቱ አባወራ ነበር።

ፍቺን ከሽማግሌዎች እጅ አውጥቶ ለፍርድ ቤት የመለሰው በ1992 ዓ.ም. የወጣው የፌዴራል የቤተሰብ ሕግ ነው፤ የአማራ ክልልም በ1995 ዓ.ም. የራሱን የቤተሰብ ሕግ ዐወጀ። ለገጠሯ ሴት ከእነዚህ ሕጎች ይልቅ ቀርቦ የታያት ግን በዚያው ሰሞን መሰጠት የጀመረው የመሬት ይዞታ ደብተር ሳይሆን አይቀርም። ደብተሩ የባልንና የሚስትን ስም ከነፎቶግራፋቸው ይዟል፤ «ሚስቴ አይደለችም» የሚለውን ባል ዝም የሚያሰኝ፣ ስንቅ የማይጠይቅና ዘመድ የሌለው ምስክር ነው።

ደብተሩ ከተሰጠ በኋላ የተዳረች፣ ወይም ስሟ ያልሰፈረላት ሴት ግን ወደ ሰው ምስክር ትመለሳለች። የጋብቻ ምዝገባ በአገር አቀፍ ደረጃ የተጀመረው በ2008 ዓ.ም. መጨረሻ ነው። ከዚያ በፊት በልማድ ለተፈጸመና ወረቀት ለሌለው ጋብቻ መጥሪያው ዛሬም የሚጻፈው በሠርጉ ዳስ ለነበሩ ሽማግሌዎች ነው፤ ከእነርሱም በሕይወት ያሉት እያደር እየቀነሱ ሄደዋል።