የጣሊያንኛ የምግብ ቃላት በፒያሳ

ፒያሳ፣ ስሙን «አደባባይ» ከሚል የጣሊያንኛ ቃል የወሰደው የአራዳ ሰፈር፣ ከዚያው ቋንቋ የመጡ የምግብና የመጠጥ ስሞች በብዛት የሚሰሙበት ሲሆን፣ እነዚህ ቃላት በአመዛኙ የተስፋፉት ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም. ከቆየው የጣሊያን ወረራ ወዲህ ነው። ፓስታ፣ መኮሮኒና ሳልሳ ፍቺያቸውን ብዙም አልለወጡም፤ ፉርኖ ግን በምንጭ ቋንቋው መጋገሪያ ምድጃውን ሲያመለክት፣ በአማርኛ ከምድጃው ለሚወጣው ዳቦ መጠሪያ ሆኗል። ማኪያቶ «ነጥብ ያረፈበት» ማለት ሲሆን፣ ስያሜው ቡናው ላይ ጠብ የሚደረገውን ጥቂት ወተት ይመለከታል፤ የፒያሳው ማኪያቶ በትንሽ ብርጭቆ፣ ወተቱ በርከት ብሎ ስለሚቀርብ፣ ስሙ እምብዛም አይገልጸውም። በ1953 እ.ኤ.አ. የተመሠረተው ቶሞካ የተባለው ቡና ቤትም ስሙ «ቶሬፋዚዮኔ ሞደርና ካፌ»፣ ማለትም «ዘመናዊ የቡና መቁያ»፣ የሚለው ሐረግ ምህጻር ነው።